ዳማ የምትሰማው ቃሉን ነው ወይስ እኛን? የሥራ ሂደት ማስታወሻ

መስከረም፣ ዝርዝሩ

ሥራው ዝርዝር በመያዝ ተጀመረ። በግቢያችን የሚኖረው ሰው ሁሉ ውሻችን ዳማ ታውቀዋለች የሚለውን ቃል እንዲነግረኝ ጠየቅሁ፤ የተባለውንም ሳልጨምርና ሳልቀንስ ደብተር ላይ አሰፈርሁ። የእናቴ ዝርዝር አጭር ነው፦ ነይ፣ ሂጂ፣ ተይ፣ አጥንት፣ ውጪ። የወንድሜ ልጅ ቁጭ በይ፣ እጅሽን ስጪኝ፣ ኳስ የሚሉትን ጨመረች። ረጅሙ የመጣው ከዘበኛችን ነው። ዕድሜያቸው የገፋ፣ ዳማን ከቡችላነቷ ጀምሮ ያሳደጉ ሰው ናቸው። ጥያቄዬን ገና ሳልጨርስ «ልጄ፣ የማታውቀውን ብትጠይቂኝ ይቀልሻል» አሉኝ።

ዳማ ስሟን ያገኘችው ከፀጉሯ ቀለም ነው። ጆሮዎቿ የቆሙ፣ ጅራቷ ወደ ላይ የተጠቀለለ የሐበሻ ውሻ ናት፤ ቀን ትተኛለች፣ ሌሊት ግቢ ትጠብቃለች። ዘር ተመርጦላቸው ካልተዳቀሉ፣ እንዲህ ካሉ ውሾች ጋር የሚኖረው የዓለም ሕዝብ እጅግ ብዙ ነው። ስለ ውሻና ስለ ሰው ቃል የተጻፈው ጥናት ግን ከሞላ ጎደል የአውሮፓና የአሜሪካ የቤት ውስጥ ውሾችን፣ ከእነርሱም ውስጥ ቦርደር ኮሊ የተባለውን የእረኛ ውሻ ዘር የሚመለከት ነው። ይህን ሥራ እንድጀምር ከገፋፉኝ ምክንያቶች አንዱ ይህ ክፍተት ነው።

ባለቤቶችን ጠይቆ ዝርዝር መያዝ የታወቀ ዘዴ ነው። በካናዳ የዳልሃውሲ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎቹ ካትሪን ሪቭ እና ሶፊ ዣክ እ.ኤ.አ. በ2022 ባወጡት ጥናት 165 ባለቤቶችን ጠይቀዋል። (ከዚህ በታች የምጠቅሳቸው የጥናት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።) በባለቤቶቹ ምስክርነት ውሾቹ በአማካይ ለ89 ቃላትና ሐረጎች ምላሽ ይሰጣሉ፤ ዝቅተኛው 15፣ ከፍተኛው 215 ነበር። ይህ ቁጥር ባለቤቱ የሚያምነውን ይነግረናል። እኔን የያዘኝ ጥያቄ ከዚያ ቀጥሎ ያለው ነው። ዳማ «ውጪ» ስትባል ወደ በሩ የምትሮጠው ቃሉን ሰምታ ነው ወይስ የዘበኛችንን እጅ መቀርቀሪያው ላይ አይታ? እናቴ «አጥንት» የምትለው ሁልጊዜ ሳህኑን ይዛ ከማድ ቤት ስትወጣ ነው። ደብተሩ ላይ ባለው በእያንዳንዱ ቃል አጠገብ ቃሉ መቼ፣ የት፣ በማን፣ በምን እንቅስቃሴ ታጅቦ እንደሚነገር ጻፍሁ። ያለ አጃቢ ብቻውን የሚነገር ቃል አንድም አልተገኘም።

መስከረም መጨረሻ፣ ሕጉ

ሙከራ ከመጀመራችን በፊት የሃንስን ታሪክ ለረዳቶቼ ነገርኋቸው። ረዳቶቼ ዘበኛችንና ስምንተኛ ክፍል የምትማረው የወንድሜ ልጅ ናቸው።

ሃንስ ከመቶ ዓመት በፊት በርሊን የኖረ ፈረስ ነው። ጌታው ቪልሄልም ፎን ኦስተን የሒሳብ መምህር ነበሩ፤ ፈረሳቸው መደመርና መቀነስ እንደሚያውቅ፣ መልሱንም በኮቴው መሬት እየመታ እንደሚናገር በሙሉ ልባቸው ያምኑ ነበር። ብዙ ሰው አይቶ አመነ። ኦስካር ፕፉንግስት የተባለ ተመራማሪ ግን ሁለት ነገሮችን ለወጠ፦ መልሱን የማያውቅ ሰው እንዲጠይቅ አደረገ፤ ፈረሱም ጠያቂውን እንዳያይ ጋረደ። ያን ጊዜ ሃንስ መልሱ ጠፋው። ለካስ ጠያቂው ትክክለኛው ቁጥር ላይ ሲደረስ ሳይታወቀው ራሱን በትንሹ ቀና ያደርግ ኖሯል፤ ፈረሱም መምታቱን የሚያቆመው ያንን አይቶ ነው። የፕፉንግስት መጽሐፍ በ1907 ታተመ፤ ከዚያ ወዲህ የእንስሳትን አእምሮ የሚመረምር ሰው ሁሉ ይህን ፈረስ ሳያስታውስ ሥራ አይጀምርም።

ዘበኛችን በጥሞና ሲሰሙ ቆይተው «ታዲያ ፈረሱ ሰውየውን አነበበው ማለት ነው። ይህስ ትንሽ ነገር ነው?» አሉ።

ትንሽ አይደለም። ውሻ በዚህ ችሎታ ከፈረስ ይበልጣል፤ የሰውን ጣት፣ የዐይን አቅጣጫ፣ የትከሻ መዞር ሳይቀር ይከተላል። ቃሉን ለብቻው ለማየት ግን ይህ ሁሉ መጋረድ አለበት። ሕጋችን እንዲህ ሆነ፦ ቃሉን የሚናገረው ሰው ዳማን አያይም፣ ዳማም እርሱን አታይም። ዕቃ የሚያስቀምጠውና ስም የሚጠራው ሰው ይለያያሉ። ከዳማ አጠገብ የሚቆም ሰው ካለ በጆሮ ማዳመጫ ሙዚቃ እየሰማ ይቆማል፤ የትኛው ቃል እንደተባለ ካላወቀ በሰውነቱ ሊነግራት አይችልም።

ጥቅምት፣ ዕቃና ስም

ለመነሻ የያዝሁት የቼዘርን አሠልጣኝ ዘዴ ነው። ጆን ፒሊ በደቡብ ካሮላይና ስፓርታንበርግ ከተማ በሚገኘው ዎፈርድ ኮሌጅ ያስተማሩ፣ ጡረታ የወጡ የሥነ ልቦና ፕሮፌሰር ነበሩ። ቼዘር የተባለችውን ቦርደር ኮሊ በቀን አራትና አምስት ሰዓት ለሦስት ዓመት አስተምረው 1,022 የዕቃ ስሞች እንደምትለይ ከአሊስተን ሪድ ጋር በ2011 ባወጡት ጥናት አሳዩ። ከዕቃዎቹ ወደ 800 የሚጠጉት የጨርቅ እንስሳት፣ 116ቱ ኳሶች ነበሩ። ፒሊ ስሞቹ እንዳይምታቱባቸው በየዕቃው ላይ በማይለቅ ቀለም ይጽፉ ነበር፤ ሰውየው የረሱትን ውሻዋ ታስታውስ እንደነበር መገመት አያስቸግርም። ትምህርቱ ቀላል ነው፦ አንድ ዕቃ ብቻ መያዝ፣ ስሙን ደጋግሞ መጥራት፣ በዕቃው መጫወት፣ መደበቅ፣ እንድታገኘው ማድረግ። ሽልማቱ ምግብ ሳይሆን ራሱ ጨዋታው ነበር።

እኔ ሺህ ስም አልፈልግም። ሁለት ስም በትክክል መለየት ከቻለች ለጥያቄዬ ይበቃል። የውሻ መጫወቻ መግዛትም አላስፈለገኝም፤ ቤት ውስጥ የነበረ ጫፍና ጫፉ የተቋጠረ የቃጫ ገመድ፣ ባዶ ሃይላንድ፣ በጨርቅ የተጠቀጠቀ አሮጌ ካልሲ ወሰድሁ። ከሁሉ በፊት የዳማ የእብድ ውሻ በሽታ ክትባት ጊዜው እንዳላለፈበት አረጋገጥሁ። ልጅ ከውሻ አፍ የወጣ ዕቃ በሚይዝበት ሥራ ይህ የሚታለፍ ነገር አይደለም።

ስም ማውጣቱ ብዙ ሐሳብ ጠየቀ። በመጀመሪያ፣ ቤት ውስጥ በየሰዓቱ የሚጠራ ስም አይሆንም፤ «ጫማ» የሚለው በዚህ ምክንያት ወደቀ። ሁለተኛ፣ ስሞቹ በድምፅ የተራራቁ መሆን አለባቸው። በቡዳፔስት ኤትቬሽ ሎራንድ ዩኒቨርሲቲ ሊላ ማጊያሪና ባልደረቦቿ በ2020 እንዳሳዩት የውሾች አንጎል የሚያውቁትን ትእዛዝ ጨርሶ ከማይመስለው ትርጉም የለሽ ቃል ወዲያው ይለየዋል፤ በአንድ ድምፅ ብቻ የሚለይ ሐሰተኛ ቃል ሲሰማ ግን ከእውነተኛው ጋር ልዩነት አላሳየም። ውሻ ድምፁን ለመስማት ጆሮ አያንሰውም፤ ቃሉ ውስጥ ላለች ለእያንዳንዷ ድምፅ ትኩረት የሚሰጥ አይመስልም። ገመዱን መጀመሪያ «ገመድ» ብለነው ነበር፤ የወንድሜ ልጅ «ሃይላንድም ገመድም እኮ በድ ነው የሚያልቁት» አለችና «ሲባጎ» ተባለ። የተጠቀጠቀው ካልሲ ደግሞ «ቱቱ» ሆነ።

ሦስተኛው ጉዳይ የአማርኛችን ነው። እኛ ስምን ሳንነካካ አንጠራም። ሲባጎው፣ ሲባጎውን፣ ሲባጎሽን እንላለን፤ ዳማ ጆሮ ላይ የሚደርሰው መጨረሻው በየጊዜው የሚለዋወጥ ቃል ነው። ስለዚህ በሥልጠናው ጊዜ ስሙ ያለ ተቀጽላ፣ እንዳለ ብቻ እንዲነገር ተስማማን፦ «ሲባጎ»፣ ትንሽ ፋታ፣ «አምጪ»። ግሱ በቋንቋችን መጨረሻ ላይ መምጣቱን ግን እንደ በረከት ነው የማየው። ትእዛዙ ቀድሞ ቢመጣ ዳማ «አምጪ» የሚለውን እንደሰማች ተፈናጥራ ስለምትሄድ ስሙን የሚሰማ ጆሮ አይኖርም ነበር። በአማርኛ ስሙ ሲደርሳት ገና ቆማ ነው።

ጥቅምት አጋማሽ፣ ጨዋታው

ማታ ማታ፣ ከሥራ መልስ፣ በረንዳው ላይ እንጫወታለን። አንድ ቀን ሲባጎ ብቻ፣ በሌላው ቀን ሃይላንድ ብቻ።

ዳማ ሲባጎ ስትይዝ የፊት እግሮቿን ወደፊት ዘርግታ፣ መቀመጫዋን ወደ ኋላ ጥላ ነው የምትጎትተው። የቃጫው ክሮች ጥርሶቿ መካከል ይገቡና ስትለቅቅ በምላሷ ደጋግማ ታወጣቸዋለች፤ ከዚያ ራሷ ተመልሳ ትይዛለች። ሃይላንዱ ላይ ጠባይዋ ሌላ ነው። መጀመሪያ በአፍንጫዋ ገፋ ታደርገዋለች፣ ሲንከባለል ትከተለዋለች፣ ከያዘችው በኋላ በመንጋጋዋ ትጨምቀዋለች፤ ፕላስቲኩ ቅርጭጭ ባለ ቁጥር ጆሮዎቿ አንድ ላይ ይቆማሉ። ይህን የጻፍሁት ለፍቅሯ ብቻ ብዬ አይደለም። ዕቃው ድምፅ ያወጣል፤ ድምፅ የሚያወጣ ዕቃ ደግሞ ከማያወጣው ጋር እኩል አይወዳደርም። ወደፊት ውጤቱን ስንመዝን ይህ እንደሚያስፈልገን ከወዲሁ ተሰምቶኛል።

ዘበኛችን በሥልጠናው ጊዜ አንድ ነገር ብቻ ይከብዳቸዋል፤ ስሙን ሲጠሩ ዕቃውን ሳያዩ መጥራት። አሁን ዐይናቸውን ጨፍነው ይጠራሉ።

ኅዳር፣ መጋረጃው

ወደ ዕቃዎቹ ከመሄዳችን በፊት መስከረም ላይ ከተያዘው ዝርዝር የድርጊት ቃላትን ለብቻቸው መፈተን ፈለግሁ። የዚህ ሐሳብ ምንጭ ፌሎው የተባለ የጀርመን እረኛ ውሻ ነው። ፌሎው በፊልም የታወቀ ውሻ ነበር፤ ባለቤቱ በመቶ የሚቆጠሩ ቃላት ያውቃል ይሉ ነበር። በኮሎምቢያ ዩኒቨርሲቲ ዋርደን እና ዋርነር የተባሉ ተመራማሪዎች ባለቤቱን ከመጋረጃ ጀርባ አድርገው ፈተኑት፤ ውጤቱን በ1928 አወጡ። ቁጭ ማለትን፣ መተኛትን የመሳሰሉ ትእዛዞችን ሰውየውን ሳያይም ይፈጽም ነበር። ወደ አንድ ዕቃ ወይም ቦታ ሂድ የሚሉት ላይ ግን ያለ ሰውየው ዕይታ በጣም ተቸገረ።

በእኛ በረንዳ ላይ በልብስ ማስጫው ገመድ አንሶላ ተሰቀለ። ዘበኛችን ከአንሶላው ጀርባ፣ ዳማ ከፊት፣ የወንድሜ ልጅ የጆሮ ማዳመጫዋን አድርጋ ከጎኗ፤ እኔ በስልኬ ካሜራ እቀርጻለሁ። ለዘበኛችን የሰጠኋቸው መመሪያ ቃሉን ሳይጮኹና ሳያባብሉ፣ ጋዜጣ እንደሚያነብ ሰው በለሰለሰና በተስተካከለ ድምፅ እንዲናገሩ ነው።

«ቁጭ በይ» ሲባል ጥቂት ዘግይታ ተቀመጠች፤ ደጋግመን አየነው፣ ትቀመጣለች። «ውጪ» ሲባል ተነሥታ ወደ ዋናው በር ዞረች፣ አንሶላውን ተመለከተች፣ እንደገና በሩን ተመለከተች። «አጥንት» ሲባል ምንም የለም፤ አየሩን አሸተተችና ተወችው። የእናቴ ሳህን የሌለበት «አጥንት» ለዳማ ቃል አይደለም፣ ወይም ገና አልሆነም።

ያላሰብሁት ነገር የመጣው ከ«ነይ» እና ከ«ተይ» ነው። እነዚህ ሁለት ቃላት ትርጉማቸው ተቃራኒ፣ ልዩነታቸው የመጀመሪያዋ ድምፅ ብቻ ነች። በተስተካከለው ድምፅ «ነይ» ሲባል ወደ አንሶላው ሄዳ አፍንጫዋን ከሥሩ አስገባች። በዚያው ድምፅ «ተይ» ሲባልም ሄዳ አፍንጫዋን አስገባች። ከዚያ ዘበኛችን በተለመደው የቁጣ ድምፃቸው «ተይ!» እንዲሉ አደረግሁ፤ ባለችበት ጋደም አለች። በመጨረሻ ቃሉን ከድምፁ አጋጨነው፦ «ነይ» የሚለውን በቁጣ። ጆሮዎቿን ወደ ኋላ ጥላ ቆመች፤ አልመጣችም። ይህን ሁሉ ቅደም ተከተሉን እየቀያየርን፣ በተለያዩ ምሽቶች አየነው። አብዛኛውን ጊዜ ያሸነፈው የድምፁ ቃና ነው።

ለረጅም ዓመታት ይህች ውሻ በእነዚህ ሁለት ቃላት ስትታዘዝ ኖራለች፤ አንድ ቀን ተሳስታ አታውቅም። ምክንያቱ አሁን ይታያል፦ «ነይ» በቁጣ፣ «ተይ» በማባበል የሚል ሰው በግቢያችን የለም። ቃሉና ቃናው ተለያይተው ስለማያውቁ አንዱን ብቻ መያዝ ለዳማ በቂ ነበር። የቡዳፔስቱ የ2020 ጥናት በአንጎል ሞገድ ያየውን እኛ በአንሶላና በሁለት የአማርኛ ቃላት አየነው ብዬ አምናለሁ፤ በአንዲት ውሻ ብቻ ቢሆንም።

ዘበኛችን ቅር አላቸው። «ድምፄን ነው እንጂ ቃሌን አታውቅም ማለትሽ ነው?» አሉኝ። «ጋሼ፣ «ቁጭ በይ» ላይ ቃልዎን ብቻ ሰምታ ተቀምጣለች፤ የአንዱ መልስ ለሁሉም አይሆንም» አልኋቸው። በዚያው ሳምንት የአቲላ አንዲችን ሥራ አነበብሁላቸው። አንዲችና ባልደረቦቹ ቡዳፔስት ውስጥ ውሾች ሳይታሰሩ፣ ሳይደነዘዙ የአንጎልን ሥራ በሚቀርጸው ኤምአርአይ መሣሪያ ውስጥ ጸጥ ብለው እንዲተኙ አሠልጥነዋል፤ ይህ ራሱ የሚደነቅ ሥራ ነው። በ2016 ባወጡት ጥናት የምስጋና ቃል በምስጋና ቃና ሲነገር ብቻ የደስታና የሽልማት ስሜትን የሚመለከተው የውሾቹ የአንጎል ክፍል ጎልቶ ይሠራል። የምስጋና ቃል በደረቅ ቃና፣ ወይም ትርጉም የለሽ ቃል በምስጋና ቃና ያንን አላመጣም። ስለዚህ ውሻ ሁለቱን ይመዝናል። ዘበኛችን ይህን ሲሰሙ ፊታቸው ተፈታ፤ ዳማን «ጎበዝ» ሲሏት ከዚያ ወዲህ ቃሉንም ቃናውንም ሳያጓድሉ ነው።

ታኅሣሥ፣ ሁለቱ ዕቃዎች

የዕቃው ፈተና ሳሎን ውስጥ ነው። ሲባጎና ሃይላንድ ሶፋው ጀርባ፣ ከበረንዳው የማይታይበት ቦታ ላይ ተራርቀው ይቀመጣሉ። የትኛው በቀኝ፣ የትኛው በግራ እንደሚሆን በሳንቲም ይወሰናል፤ የሚጠራው ስምም እንዲሁ። እኔ በረንዳ ላይ ሆኜ ስሙን እጠራለሁ፤ ዳማ ብቻዋን ትገባለች፣ ይዛ ትወጣለች። ሁለት ዕቃ ብቻ ሲኖር በአጋጣሚ ከሁለት አንዱን ማግኘት ስለሚቻል ብዙ ጊዜ መደጋገም ግድ ነው። አሥር ዕቃ ቢሆን ኖሮ ጥቂት ትክክለኛ መልስ ብዙ ይናገር ነበር።

ውጤቱን ሳየው የዳማ ትክክለኛ መልስ ከግማሽ ብዙም አልራቀም። ግን እንዴት ግማሽ እንደሆነ ማየት ያስፈልጋል። «ሃይላንድ» ሲባል ሁልጊዜ ማለት ይቻላል ትክክል ናት። «ሲባጎ» ሲባል ሁልጊዜ ማለት ይቻላል ተሳስታለች። በሁለቱም ስም ያመጣችው ሃይላንዱን ነው። ቪዲዮው ላይ ይታያል፤ ትገባለች፣ ሲባጎውን በአጠገቡ አልፋ ሃይላንዱን ትይዛለች፣ በሩ ላይ አንድ ጊዜ ቅርጭጭ ታደርገዋለች፣ ትመጣለች።

የወንድሜ ልጅ ግን አልተቀበለችም። «አክስቴ፣ ሃይላንዱን ስለምትወደው ነው እንጂ ሲባጎንም ታውቀዋለች። የማትወደው ነገር ጋር አወዳድሪያት።» ክርክሯ ትክክል ነው፤ ምርጫና ዕውቀት በዚህ ፈተና ተቀላቅለዋል። ሃይላንዱ ወጥቶ ቱቱ ገባ። ቱቱና ሲባጎ በፍቅሯ ተቀራራቢ ናቸው። አሁን ሁልጊዜ አንዱን ማምጣቷ ቀረ፤ ወደ ስሙ ማዘንበል ግን አልመጣም። አንዳንድ ምሽት ጥሩ ትሆናለች፣ በማግስቱ ይጠፋል። ቅርብ ያለውን ታመጣለች፤ አንዳንዴም መጨረሻ የተጫወትንበትን።

ጥር፣ ውጤቱን ማንበብ

ይህን ውጤት «የእኛ ውሻ አይገባትም» ብሎ መዝጋት ትልቅ ስሕተት ነው፤ በዚህ ላይ አቋሜ የጸና ነው።

ክላውዲያ ፉጋዛ፣ ሻኒ ድሮርና አዳም ሚክሎሺ በቡዳፔስት ይሠሩበት የነበረው ቡድን በ2021 ያወጣውን ማየት ይበቃል። ባለቤቶች ውሾቻቸውን ለሦስት ወር ያህል በባለሙያ እየታገዙ ሁለት የመጫወቻ ስሞች እንዲያስተምሩ ተደረገ። ቡችሎችም ትልልቆችም ነበሩበት፤ ቦርደር ኮሊዎችም ነበሩ። ከጥቂቶች በቀር አልተሳካላቸውም፤ ከተሳካላቸውም ብዙዎቹ ቀድሞውኑ ስም በማወቅ የተለዩ ነበሩ። ሁለቱን መለየት ካቃታቸው ጋር ሲነጻጸሩ እነዚያ የተለዩት የሚያሳዩት ነገር ያስገርማል። ከኔዘርላንድ፣ ከኖርዌይ፣ ከሃንጋሪ፣ ከስፔን፣ ከብራዚልና ከአሜሪካ የተሰባሰቡት ስድስት ውሾች በሌላ ጥናት በአንድ ሳምንት እስከ 12 አዲስ ስም ተምረዋል፤ ከሁለት ወር በኋላም ብዙውን አልረሱም። በመካከል ያለ ደረጃ ብዙም አይታይም፤ ወይ ይህ ስጦታ አለ ወይ የለም የሚያሰኝ ነው። ምክንያቱ ገና እየተመረመረ ነው። ዘር ብቻውን አይደለም፤ ብዙ ቦርደር ኮሊዎች አይችሉትም፣ በ2023 በተመዘገቡት 41 የተለዩ ውሾች ውስጥ ደግሞ ትንንሽ የሳሎን ውሾችና ድቅሎችም አሉ።

ስለዚህ ዳማ ያሳየችን ብዙዎቹ የዓለም ውሾች የሚያሳዩትን ነው፦ ድርጊትን የሚናገር ቃል ትይዛለች፣ የዕቃ ስም አይዛትም። ለምን እንዲህ ይሆናል? የእኔ ግምት ከኑሯቸው ይነሣል። ሰው ለውሻ የሚናገረው ሁሉ ስለሚደረግ ነገር ነው፤ ነይ፣ ሂጂ፣ ቁጭ በይ፣ ውጪ። «ይህ ሲባጎ ይባላል» ብሎ ለውሻ የሚያስተዋውቅ ሰው የለም። ሌሊት ጅብ ሲጠጋ ዘበኛችን የሚፈልጉት ዳማ እንድትነሣ ነው። የዕቃ ስም ማወቅ የሚጠቅማት ምንም ነገር በሕይወቷ ውስጥ አልነበረም።

የላይፕሲጉ የማክስ ፕላንክ ተቋም ተመራማሪዎች በ2004 በሪኮ ላይ የሠሩትንም ለመሞከር አስቤ ነበር። ሪኮ ከ200 በላይ ስሞች የሚያውቅ ቦርደር ኮሊ ነበር። ሰምቶት የማያውቀው ስም ሲጠራለት ከሚያውቃቸው ዕቃዎች መካከል አዲሱን መርጦ ያመጣ ነበር፤ ከአሥር ሰባት ጊዜ ያህል። ይህ ሙከራ ውሻው ቀድሞ የሚያውቃቸው ስሞች እንዲኖሩት ስለሚፈልግ ለዳማ አይሆንም፤ ተትቷል።

የካቲት፣ መስኮቱ

ሥራውን ወደ ሌላ አቅጣጫ ያዞረው የማሪያና ቦሮሽና የሊላ ማጊያሪ የ2024 ጥናት ነው። እነርሱ ውሻው ዕቃ እንዲያመጣ አልጠየቁም። የውሾቹ ራስ ላይ የአንጎል ሞገድ የሚመዘግብ ኤሌክትሮድ ለጠፉ፤ ውሻው የሚያውቀውን ዕቃ ስም ባለቤቱ ሲጠራ ይሰማል፣ ቀጥሎ ባለቤቱ በመስኮት ዕቃ ያሳየዋል። አንዳንዴ የተጠራውን፣ አንዳንዴ ሌላውን። በተጠኑት 18 ውሾች የአንጎል ሞገዱ ስሙና ዕቃው ሲገጥሙ እና ሳይገጥሙ ተለያየ፤ በሰው ላይ ቃልና ትርጉም ሲጋጩ የሚታየውን የሚመስል ልዩነት ነው። ከዚህም በላይ ልዩነቱ ብዙ ቃላት ያውቃሉ በተባሉት ብቻ የተወሰነ አልነበረም።

እንግዲህ ዳማ ሲባጎውን አልፋ ሃይላንድ ስታመጣ ስሙ አእምሮዋ ውስጥ የሲባጎን ምስል ቀስቅሶ ሊሆን ይችላል፤ እግሯና አፏ ግን ወደሚወድዱት ሄዱ። ማምጣት ማለት መስማት፣ ማስታወስ፣ መምረጥ፣ የሚወዱትን መተው፣ ተሸክሞ መመለስ ነው። እኔ የምፈልገው ከእነዚህ ሁለተኛውን ብቻ ነው።

ኤሌክትሮድ የለኝም። ከሕፃናት ጥናት የተወሰደ ቀላል ዘዴ ግን አለ፦ ያልጠበቀውን ያየ ዐይን ረዘም አድርጎ ይመለከታል። ዘበኛችን ከአሮጌ መስኮት የወጣ መስታወት በጣውላ ቋሚ ላይ ገጠሙልኝ፤ በዳማ ዐይን ቁመት ልክ ነው፣ ከኋላው መጋረጃ አለው። ስሙ በስልክ ከተቀዳ ድምፅ ይሰማል፤ ስለዚህ ቃናው በየጊዜው አንድ ዓይነት ነው፣ የሚናገርም ሰው የለም። መጋረጃው ሲገለጥ ከመስታወቱ ጀርባ ሲባጎ ወይም ሃይላንድ ይታያል። መስታወቱ ዕቃው ሽታ እንዳይሰጥ፣ ቅርጭጭታም እንዳይኖር ያደርጋል። ካሜራው መስታወቱ ሥር ተቀምጦ የዳማን ፊት ይቀርጻል።

የቀረውን ሥራ የወንድሜ ልጅ ወስዳለች። ቪዲዮዎቹን ድምፃቸው ተዘግቶ ነው የምታያቸው፤ የትኛው ስም እንደተጠራ ሳታውቅ ዳማ መስታወቱን ለምን ያህል ሴኮንድ እንዳየች ብቻ ትመዘግባለች። የስሞቹና የዕቃዎቹ ጥንድ ቅደም ተከተል በሳንቲም ወጥቶ በታሸገ ፖስታ እኔ ጋር ነው፤ ምዝገባው ሳይጠናቀቅ አይከፈትም።

ዳማ አዲስ ዕቃ ግቢ ሲገባ ዙሪያውን ደጋግማ አሽትታ ካልጨረሰች ሌላ ነገር አትመለከትም። ስለዚህ ቋሚው ከዛሬ ጀምሮ ያለ ዕቃና ያለ ድምፅ በረንዳው ላይ ቆሟል፤ መጋረጃው በየምሽቱ ባዶውን ይገለጣል፣ ይዘጋል። መስታወቱን ማሽተት ስትተው ቀረጻ እንጀምራለን።